ሰባት ቀን ግሪክ ውስጥ፣ ካሲዮፒያንና ልጇን ፍለጋ

ቀን 1፣ መስከረም 10፣ አቴንስ

በሌሊት ከፍራንክፈርት ተነስቼ አቴንስ ስገባ ከጠዋቱ 3 ሰዓት ገደማ ነው፣ እንቅልፍ የሚባል በአይኔ አልዞረም ግን ደስታው ድካሙን አስረስቶኛል። ይሄን ጉዞ ስመኘው የኖርኩት ከልጅነቴ ጀምሮ ነው። አባቴ አንድ አሮጌ መጽሔት ነበረው፣ ውስጡ የሰማይ ካርታ ያለበት፣ ማታ ሰፈር ውስጥ መብራት ሲጠፋ ግቢያችን ውስጥ አስቀምጦኝ በጣቱ ወደ ላይ እያሳየ "ያቺ ካሲዮፒያ ናት፣ የኢትዮጵያ ንግስት፣ ያቺ ደሞ ልጇ አንድሮሜዳ" ይለኝ ነበር። ትምህርት ቤት ሄጄ ስናገር ማንም አላመነኝም። ካደግኩ በኋላ ሳነብ ለካ አባቴ ልክ ነበር፣ የግሪኮቹ ተረት ውስጥ ኢትዮጵያ የሚለው ስም አንዴ ጣል ተደርጎ የሚያልፍ አይደለም፣ ደጋግሞ ይመጣል፣ እኔም ቦታዎቹን በእግሬ ልይ ብዬ ተነሳሁ።

ከመጀመሪያው አንድ ነገር ልበል። የጥንት ግሪኮች ኢትዮጵያ ሲሉ የዛሬውን ካርታችንን ማለታቸው አይደለም። ቃሉ ራሱ የነሱ ነው፣ ፊቱ በፀሐይ የከሰለ እንደማለት፣ ከግብፅ በታች ያለውን አገር ሁሉ፣ አንዳንዴም ፀሐይ የምትወጣበትን የዓለም ጫፍ ይጠሩበት ነበር። ስለዚህ አንድሮሜዳን የዚህ ወይ የዛ ክፍለ ሀገር ልጅ የሚያደርጋትን ሰው አትመኑት። ግን ስሙን ተቀብለን የራሳችን ካደረግነው ደሞ ስንት ዘመናችን ነው፣ መጽሐፍ ቅዱሳችን ውስጥ ያለ፣ ፓስፖርታችን ላይ ያለ ስም ነው፣ ስለዚህ ታሪኩ ሲነሳ እንደ ባዕድ ልሰማው አልችልም።

ያረፍኩት ኪፕሴሊ የሚባል ሰፈር የእናቴ አብሮ አደግ የሆኑ ሴትዮ ቤት ነው፣ እትዬ ነው የምላቸው። አቴንስ 31 ዓመታቸው ነው። ቁርስ ፍርፍር ሰርተው ጠበቁኝ፣ ከዛ ቀጥታ ወደ አክሮፖሊስ።

መውጫው ላይ ያለው እብነ በረድ በስንት ዘመን የሰው እግር ተወልውሎ እንደ ሳሙና ያዳልጣል፣ ጫማችሁን አስቡበት። ፓርቴኖን ከክርስቶስ ልደት በፊት ከ447 እስከ 432 የተሰራ ነው፣ ሁሉም ሰው እሱን ነው ፎቶ የሚያነሳው፣ እኔ ግን ብዙ የቆምኩት አጠገቡ ያለው ኤሬክቴዮን ጋ ነው። የጥበብ አምላኳ አቴናና የባህር አምላኩ ፖሲዶን ለከተማዋ የተወዳደሩት እዚህ ነው ይባላል፣ ፖሲዶን በሹካ ጦሩ ድንጋዩን ሲመታው ጨዋማ ውሃ ፈለቀ፣ አቴና ደሞ የወይራ ዛፍ አበቀለች፣ ሰዉ ወይራውን መረጠ ከተማዋም በስሟ ተጠራች። አሁንም ግድግዳው ጥግ አንድ የወይራ ዛፍ ተተክሎ አለ። በረንዳውን በራሳቸው የተሸከሙት ስድስቱ የድንጋይ ሴቶች ቅጂ ናቸው፣ ዋናዎቹ አምስቱ ከታች አክሮፖሊስ ሙዚየም ገብተዋል፣ እዛ ስትሄዱ የስድስተኛዋ ቦታ ባዶውን ተትቶ ታያላችሁ። እሷ ለንደን ናት፣ ብሪቲሽ ሙዚየም፣ ከመቅደላ የተወሰዱት ታቦቶቻችን ያሉበት እዛው ሙዚየም። ያቺን ባዶ ቦታ ሳይ ሆዴ ተላወሰ፣ አንድ የግሪክ አስተማሪ ለተማሪዎቿ እያስረዳች ነበር፣ ቋንቋው ባይገባኝም በእጇ ወደ ባዶው ቦታ ስታሳይ ምን እያለች እንደሆነ ገብቶኛል።

ስወርድ አርዮስፋጎስ ላይ ወጣሁ። ጳውሎስ ለአቴንስ ሰዎች የተናገረበት አለት ነው፣ ስሩ ላይ ንግግሩ በግሪክኛ በነሐስ ተጽፎ ተለጥፏል። በነሱ ተረት ደሞ የጦርነት አምላክ አሬስ በነፍስ ግድያ የተከሰሰው እዚህ ነው፣ ስሙም ከሱ ነው የመጣው። ለካ እነዚህን አማልክት እኛ በአማርኛ ከድሮ ጀምሮ እናውቃቸዋለን፣ የሐዋርያት ሥራ 14 ላይ ልስጥራ ሰዎች በርናባስን ድያ ጳውሎስን ሄርሜን ይሏቸዋል፣ ድያ ማለት ዜውስ ነው፣ የአማልክቱ አለቃ። ስንቴ አንብቤው አልፌዋለሁ።

ቀን 2፣ ሱኒዮን

ከአቴንስ ወደ ደቡብ ምስራቅ 70 ኪሎሜትር ገደማ፣ አውቶብሱ ባህሩን ይዞ ነው የሚሄደው። ከገደል ጫፍ ላይ፣ ከባህሩ 60 ሜትር ያህል ከፍ ብሎ የፖሲዶን መቅደስ ቆሟል፣ ነጭ አምዶች ከነሱ በታች ባህር ብቻ። አንዱ አምድ ላይ ባይረን የሚባለው የእንግሊዝ ገጣሚ ስም ተፈልፍሏል።

አቴንሶች የሚያወሩት የንጉስ ኤጌዎስን ታሪክ ነው። ልጁ ቴሲየስ ቀርጤስ ሄዶ ግማሽ ሰው ግማሽ በሬ የሆነውን ሚኖታወርን ሊገድል ሲነሳ፣ በህይወት ከተመለስኩ ነጭ ሸራ እሰቅላለሁ ብሎ ነበር፣ ገድሎት ተመለሰ ግን ሸራውን መቀየር ረሳ፣ አባትየው ከሩቅ ጥቁሩን ሸራ ሲያይ ልጄ ሞተ ብሎ ራሱን ባህር ውስጥ ወረወረ፣ ባህሩም እስከዛሬ ኤጂያን ይባላል።

እኔን ግን እዚህ ያመጣኝ ሌላ ነው። የጥንቱ ገጣሚ ሆሜር ኦዲሲ የሚባለውን ግጥሙን ሲጀምር ጀግናው ኦዲሲየስ ከትሮይ ጦርነት በኋላ አገሩ መግባት አቅቶት ደሴት ላይ ተይዞ ነው ያለው፣ ይሄን ሁሉ መከራ ያመጣበት ፖሲዶን ነው፣ ታዲያ አማልክቱ ተሰብስበው ይሄ ሰውዬ ይለቀቅ ብለው የሚወስኑት ፖሲዶን በሌለበት ቀን ነው። የት ሄዶ? ኢትዮጵያውያን ጋ! በሬና በግ ታርዶለት ድግስ ላይ ተቀምጧል። ከድግሱ ሲመለስ ነው ኦዲሲየስን ባህር ላይ አይቶት ማዕበል የሚያስነሳበት። ኢሊያድ የሚባለው ሌላው ግጥሙ ላይም እንደዚሁ፣ የባህር አምላኳ ቴቲስ ለልጇ ለጦረኛው አኪሊስ ልትማልድ ስትፈልግ ዜውስ ሁሉንም አማልክት አስከትሎ ኢትዮጵያውያን ጋ ለግብዣ ሄዷል፣ የሚመለሰው በ12ኛው ቀን ነው። ሆሜር እነዚህን ሰዎች ነቀፋ የሌለባቸው ነው የሚላቸው። እንግዳ ሲመጣ በሬ ጥሎ ለ12 ቀን የሚያበላ ህዝብ... ይሄን ሳነብ ሁሌ ፊቴ ላይ የሚመጣው የአያቴ ግቢ ነው፣ ድንኳኑ፣ የጠላው ጋን፣ የማያልቀው እንግዳ።

ፀሐይዋ እስክትጠልቅ ቆየሁ። የመጨረሻው አውቶብስ ሊያመልጠኝ ለጥቂት ነው።

ቀን 3፣ ኤሌውሲስ

ዛሬ እትዬ አብረውኝ መጡ። 31 ዓመት ኖረው አይተውት አያውቁም፣ "ስራ ነበር ልጄ፣ መች ጊዜ አገኘሁ" አሉኝ። ቦታው ቅርብ ነው፣ 20 ኪሎሜትር ገደማ፣ አሁን ኤለፍሲና ይሉታል፣ የፋብሪካና የወደብ ከተማ ነው፣ ፍርስራሹ መሃል ላይ ነው ያለው። ቱሪስት የለም ማለት ይቻላል፣ እኛና ሁለት ድመት።

መንገድ ላይ ታሪኩን ነገርኳቸው። ዴሜተር የእህል አምላክ ናት፣ ልጇ ፐርሰፎን አበባ ስትለቅም መሬት ተከፍቶ የሙታን ጌታ ሃዴስ በሰረገላ ይዟት ገባ። (የአማርኛው መጽሐፍ ቅዱስ ሃዴስ የሚለውን ቃል ሲኦል ብሎ ነው የተረጎመው።) እናትየው ዘጠኝ ቀን ሳትበላ ሳትጠጣ ችቦ ይዛ ዞረች፣ ከዛ አሮጊት መስላ እዚህ ኤሌውሲስ መጥታ ጉድጓድ ዳር ተቀመጠች። ልጄ ካልመጣች ብላ እህል እንዳይበቅል ከለከለች፣ ሰው በረሃብ ሊያልቅ ሆነ፣ በመጨረሻ ዜውስ ልጅቱ ትመለስ አለ፣ ግን ከታች ሆና የሮማን ፍሬ ቀምሳ ስለነበር ከዓመቱ አንድ ሦስተኛውን እዛው ታሳልፋለች፣ ያኔ ነው ምድር የምትደርቀው።

መግቢያው አጠገብ በድንጋይ ክብ ሆኖ የተሰራ ጉድጓድ አለ፣ ካሊኮሮን ይባላል። እትዬ ቆመው ወደ ውስጥ ሲያዩ ቆዩ። እሳቸው መጀመሪያ ቤይሩት ነበሩ፣ ከዛ በስንት መከራ ነው እዚህ የደረሱት፣ ለስድስት ዓመት ቤተሰቦቻቸው በህይወት ይኑሩ አይኑሩ አያውቁም ነበር። "እናቴ መርካቶ አውቶብስ ተራ እየሄደች ከአረብ አገር የመጣ ሰው ሁሉ ትጠይቅ ነበር አሉ" አሉኝ። "ልጄን አይታችኋል ወይ እያለች።" ሌላ ምንም አላሉም፣ እኔም ምንም አላልኩም፣ ነጠላቸውን አስተካክለው ወደ ዋሻው በኩል ሄድን። ዋሻው ሃዴስ ልጅቱን ይዞ የገባበት ነው የሚባለው፣ ጥልቅ አይደለም፣ አለቱ ጎድጎድ ብሎ ነው።

እዚህ ቦታ ለብዙ መቶ ዓመታት በየመስከረሙ አካባቢ ትልቅ በዓል ይደረግ ነበር፣ ሰዉ ከአቴንስ በእግሩ መጥቶ ትልቁ አዳራሽ ውስጥ ምስጢሩን ያያል፣ ያየውን ለማንም መናገር በሞት ያስቀጣ ነበር፣ እናም ምስጢሩ ተጠብቆ ቀረ፣ ዛሬም ውስጥ ምን እንደሚደረግ በእርግጠኝነት የሚያውቅ የለም። የሚታወቀው ጾመው ይመጡና የሆነ መጠጥ እንደሚጠጡ ነው፣ ዴሜተር ወይን እምቢ ብላ የጠጣችው፣ የገብስ ዱቄት በውሃ ተበጥብጦ ናና መሳይ ቅጠል የሚገባበት። ይሄን ስነግራቸው እትዬ ቆም አሉና "በሶ ነዋ!" አሉ። በሶ ነው እኮ። ስንት የዩኒቨርሲቲ ሰው የጻፈበትን መጠጥ እሳቸው በአንድ ቃል ነው የጨረሱት።

ማታ እቃዬን ሳዘጋጅ "ደመራን ከኛ ጋ ሳታሳልፍ ነው የምትሄደው?" አሉኝ። "የዛን ቀን ኦሊምፐስ ተራራ ላይ ነኝ እትዬ" ስላቸው ዳቦ ቆርጠው በፌስታል ቋጠሩልኝ።

ቀን 4፣ ሚኬኔ

ይሄ ቀን ነው ለኔ ዋናው። አውቶብሱ የቆሮንቶስን ቦይ አለፈ፣ 6 ኪሎሜትር ከምናምን ርዝመት ያለው በ1893 እ.ኤ.አ የተከፈተ፣ ከድልድዩ ላይ በቢላ የተቆረጠ ነው የሚመስለው። ፊችቲ የምትባል መንደር ላይ ወርጄ ሶስት አራት ኪሎሜትር በእግሬ፣ ግራና ቀኝ የብርቱካንና የወይራ እርሻ።

በመጀመሪያ ታሪኩ። ካሲዮፒያ የኢትዮጵያ ንግስት፣ የንጉስ ሴፊየስ ሚስት፣ በቁንጅና ከባህር ልጃገረዶቹ ከኔሬይዶች እበልጣለሁ አለች። ልጃገረዶቹ ለፖሲዶን ከሰሱ፣ እሱም ጎርፍና የባህር አውሬ ላከ፣ ሕዝቡ አለቀ። ጠንቋይ ሲጠየቅ ልጃችሁን ለአውሬው ካልሰጣችሁ አይለቃችሁም አለ፣ አንድሮሜዳን ባህር ዳር አለት ላይ በሰንሰለት አሰሯት። ፐርሲየስ የሚባለው ጀግና፣ ያያትን ሁሉ ድንጋይ የምታደርገውን የሜዱሳን ራስ ቆርጦ ሲመለስ አያት፣ አውሬውን ከገደልኩ ልጅቱን ትሰጡኛላችሁ ብሎ ተስማማ፣ ገደለው፣ አገባት። በኋላ የመጡ ጸሐፊዎች አለቱን ኢዮጴ ያደርጉታል፣ እስራኤል ያላችሁ ያፎ ወደብ ፊት ለፊት የአንድሮሜዳ ድንጋይ የሚባለውን አይታችሁት ይሆናል።

ብዙ ሰው ታሪኩን እዚህ ላይ ነው የሚያቆመው፣ ልጅቱ ዳነች አለቀ። ግን ከዛስ? ከዛማ ፐርሲየስ ይዟት ግሪክ ገባ፣ ሚኬኔን የቆረቆረው እሱ ነው ይላሉ፣ ስለዚህ የዚህ ከተማ የመጀመሪያዋ ንግስት ከኢትዮጵያ የመጣች ሴት ናት! ልጆች ወለዱ፣ ከልጃቸው ከኤሌክትሪዮን አልክሜኔ ተወለደች፣ ከአልክሜኔ ሄርኩሊስ። አንበሳ የገደለው፣ ባለ ብዙ ራሱን እባብ የገደለው፣ የግሪኮች ጀግና ሁሉ ጀግና ሄርኩሊስ በእናቱ በኩል የአንድሮሜዳ የልጅ ልጅ ልጅ ነው። የመጀመሪያ ልጃቸው ፐርሴስ ደሞ አያቱ ሴፊየስ ወንድ ልጅ ስላልነበረው እዛው ቀርቶ የፋርስ ሰዎች በሱ ስም ተጠሩ ብሎ የጥንቱ ታሪክ ጸሐፊ ሄሮዶተስ ጽፏል። እኛ ዘር ስንቆጥር እስከ ሰባት ቤት የምንቆጥር ሰዎች ነን፣ ይሄን እንዴት ሳንቆጥር እንደቀረን ይገርመኛል።

የአንበሳው በር ጋ ስደርስ ዝም ብዬ ቆምኩ። ከክርስቶስ ልደት በፊት 1250 ገደማ የተሰራ ነው፣ ሁለት አንበሶች መሃላቸው አምድ አድርገው የፊት እግራቸውን ከፍ አድርገው ቆመዋል፣ ራሳቸው የለም። ከበሩ ስር መድረኩን በእጄ ዳሰስኩት፣ መሬቱ ድንጋይ ላይ ጭረት ጭረት አለ። የግንቡ ድንጋይ ግዙፍነት የሚነገር አይደለም፣ በኋላ ዘመን የመጡ ግሪኮች ራሳቸው ይሄንን ሰው አልሰራውም፣ አንድ ዓይን ያላቸው ሳይክሎፖች ናቸው የሰሩት ይሉ ነበር። ሽሊማን የሚባል ጀርመናዊ በ1876 እ.ኤ.አ ከበሩ ገባ ብሎ ያለውን መቃብር ቆፍሮ የወርቅ ጭንብል አወጣ፣ በትሮይ ጦርነት ግሪኮችን የመራው የሚኬኔው ንጉስ የአጋሜምኖን ነው ተባለ፣ ግን የትሮይ ጦርነት ተደረገ ከሚባልበት ዘመን በ300 ዓመት ያህል ይቀድማል።

ግንቡ ጥግ ላይ ወደ መሬት ውስጥ የሚወርድ ደረጃ አለ፣ ጨለማ፣ በከበባ ጊዜ ውሃ የሚቀዱበት። የስልኬን መብራት አብርቼ ጥቂት ወረድኩ፣ አየሩ ቀዘቀዘ፣ ግድግዳው እርጥበት አለው። ፐርሲየስ ውሃ ጠምቶት እንጉዳይ ሲነቅል ውሃ ፈለቀለት፣ ከተማዋም በእንጉዳዩ ስም ሚኬኔ ተባለች የሚል ተረት አለ፣ ፓውሳኒያስ የሚባለው የጥንት ተጓዥ ፐርሴያ የሚባል ምንጭ እዚህ እንዳለ ጽፏል። አንድሮሜዳ ከባህር ዳር መጥታ እዚህ ደረቅ ኮረብታ ላይ ስትኖር ከዚህ ውሃ ጠጥታ ይሆን እያልኩ ነበር። ተረት መሆኑን አውቃለሁ። ግን እዛ ጨለማ ውስጥ ቆሜ አሰብኳት፣ የማታውቀው አገር፣ የማታውቀው ቋንቋ፣ ባሏ ብቻ የሚያውቃት ሴት። ስለሷ ግሪክ ከገባች በኋላ የሚነገር ነገር የለም ማለት ይቻላል፣ የልጆቿ ስም ብቻ ነው የሚዘረዘረው።

ቀን 5፣ ዴልፊ

ከአቴንስ 180 ኪሎሜትር ገደማ፣ ጠመዝማዛ ነው፣ ሆዳችሁ የሚረበሽ ከሆነ ከፊት ተቀመጡ። ዜውስ ሁለት ንስሮች ከዓለም ሁለት ጫፍ ለቆ የተገናኙበት ቦታ ነው፣ ስለዚህ የምድር እምብርት ይሉታል፣ ሙዚየሙ ውስጥ እምብርቱ ራሱ በእብነ በረድ ተቀርጾ አለ። የትንቢት አምላኩ አፖሎ ፓይተን የሚባለውን እባብ ገድሎ ቦታውን ያዘ፣ ፒቲያ የምትባለው ሴት በሱ ስም ትንቢት ትናገር ነበር። የልድያው ንጉስ ክሮይሰስ ልዝመት ወይ ብሎ ቢልክ፣ ከዘመትክ ትልቅ መንግስት ታፈርሳለህ አለችው፣ ዘምቶ ያፈረሰው የራሱን ነው።

ፍርስራሹን በፍጥነት አየሁት፣ ሙዚየሙ ውስጥ ግን ሁለት ሰዓት አንድ ግድግዳ ፊት ቆሜያለሁ። የሲፍኖስ ሰዎች በ525 ቅድመ ልደት ገደማ የሰሩት ግምጃ ቤት ቅርጽ ነው፣ የምስራቁ ጎን። በግራ አማልክቱ ተቀምጠው ይከራከራሉ፣ አንዱ የሌላውን ጉልበት ነካ እያደረገ፣ በቀኝ ጦርነት ነው፣ ፈረሶች፣ መሃል ላይ አንድ የወደቀ ሰው፣ በሱ ሬሳ ላይ ሁለት ተዋጊዎች ጋሻ ለጋሻ ገጥመዋል። አንዱ አኪሊስ ነው፣ ሌላው ሜምኖን፣ የኢትዮጵያውያን ንጉስ። ስሞቹ ድሮ በቀለም ተጽፈው ነበር፣ ከዱካቸው ነው ተለቅመው የተነበቡት።

ሜምኖን የንጋት አምላክ የኤኦስ ልጅ ነው፣ ሰራዊቱን ይዞ ትሮይን ሊረዳ መጣ፣ አባቱን ሊያድን የገባውን አንቲሎከስን ገደለ፣ አኪሊስ ደሞ እሱን ገደለው። ሁለቱም እናቶቻቸው አማልክት ናቸው፣ ሁለቱም እናቶች ዜውስ ፊት ልጄን ልጄን እያሉ ይለምናሉ፣ ዜውስ የልጆቹን ነፍስ በሚዛን ይመዝናል። ጠዋት ሳር ላይ የምናየው ጤዛ ኤኦስ ለልጇ የምታለቅሰው እንባ ነው ይላሉ። የሜምኖን ፊት እዚህ ቅርጽ ላይ ከሌሎቹ ግሪኮች አይለይም፣ ይሄን መደበቅ አልፈልግም፣ ግሪኮች እሱን እንደራሳቸው ጀግና አድርገው ነው የሚስሉት። ግን ከአፖሎ መቅደስ በላይ በኩል አሁን የግድግዳ ስር ብቻ የቀረለት ቤት አለ፣ ፖሊግኖተስ የሚባለው ሰዓሊ ውስጡን ስሎት ነበር፣ ፓውሳኒያስ እንዳየው ከሜምኖን አጠገብ አንድ ኢትዮጵያዊ ልጅ ቆሟል፣ ለምን ቢባል ሜምኖን የኢትዮጵያውያን ንጉስ ስለነበረ። ስዕሉ ጠፍቷል። እስከዛ ወጣሁ፣ ድንጋዮቹ መሃል ሳር በቅሏል፣ ያ ልጅ የትኛው ግድግዳ ላይ እንደነበር እየገመትኩ ተቀመጥኩ።

ቀን 6

ቀኑን ሙሉ መንገድ። ያስያዝኩት ማረፊያ የለም ተባልኩ፣ ገንዘቡም ወዲያው አልተመለሰም፣ ማታ 4 ሰዓት ላይ ኦሊምፐስ ስር ባለችው ሊቶኮሮ ከተማ ሌላ ክፍል አገኘሁ። የእትዬን ዳቦ በልቼ ተኛሁ።

ቀን 7፣ መስከረም 16፣ ዲዮንና ኦሊምፐስ

ጠዋት ዲዮን። የዜውስ ከተማ ማለት ነው፣ ያው ድያ የምንለው ስም ነው። እስክንድር ወደ እስያ ከመዝመቱ በፊት እዚህ መስዋዕት አቅርቧል። የግብፅ አምላኳ የኢሲስ መቅደስ ግማሹ ውሃ ውስጥ ነው፣ አምዶቹ መሃል እንቁራሪት ይጮሃል።

ከዛ በታክሲ ፕሪዮኒያ፣ 1,100 ሜትር፣ ከዛ በእግር እስከ 2,100 ሜትር መጠለያው ድረስ ሶስት ሰዓት ግድም። ኦሊምፐስ 2,918 ሜትር ነው፣ ከራስ ዳሸን በብዙ ያንሳል፣ ጫፉ ሚቲካስ ላይ ሰው የወጣው በ1913 እ.ኤ.አ ነው፣ የሊቶኮሮው ክሪስቶስ ካካሎስ ሁለት ስዊሶችን መርቶ። ጫካው ጥድ ነው። መሃል መንገድ ላይ ቃጭል ሰማሁ፣ በቅሎዎች ናቸው፣ ለመጠለያው እቃ ጭነው የሚወጡት። ዳር ይዤ አሳለፍኳቸው፣ የመጨረሻዋ በቅሎ ላብና የኮርቻዋ ቆዳ ሽታ የላሊበላን መንገድ አምጥቶ ፊቴ ላይ ደቀነው።

ማታ 3 ሰዓት ላይ ጃኬቴን ደርቤ ወጣሁ። ደመና የለም። ሰሜን ምስራቅ ላይ ካሲዮፒያ ከፍ ብላለች፣ አምስት ኮከብ፣ በእንግሊዝኛ ደብልዩ ፊደል በጎኑ የቆመ የሚመስል። ኔሬይዶቹ ቂማቸው አልወጣላቸውም፣ ንግስቲቱ ሰማይ ላይ ስትዞር ግማሹን ጊዜ በራሷ ተዘቅዝቃ እንድትሆን አስደረጉ ይባላል። ከሷ በላይ ሴፊየስ፣ በቀኝ አንድሮሜዳ፣ ከታች ከተራራው ጀርባ ፐርሲየስ ብቅ እያለ። ቤተሰቡ ሙሉ ነው።

አባቴ ጋ ደወልኩ። ሰዓታችን አሁን እኩል ነው። ሰፈር ውስጥ ደመራ ተለኩሶ የልጆቹ ጭፈራ ይሰማል።

"አባዬ፣ ታየችህ?"

"የት ታይቶ፣ ጭሱና ደመናው፣" አለኝ። "አንተ ጋ አለች?"

"አለች።"

"በል አንድ በአንድ ቁጠርልኝ።"

ከላይኛው ጀመርኩለት።